ላሟ የላሰችው ጭራቅ

ሰኞ፣ ጠዋት 2 ሰ.
ተልባው ዛሬም ቀጠነ። ሦስተኛ ድስት። ለእህቴ ልጅ ፊልም ከምሠራው ጭራቅ አፍ የሚወርደው ለሃጭ መንጠልጠል አለበት፤ የእኔው እንደ ውሃ ይፈስሳል። የጃፓን አስፈሪ ፊልሞች ጭራቅ እንዴት እንደሚሠራ በስልኬ ስንቴ እንዳየሁ፣ ደብተሬ፣ ታውቃለህ። ኮምፒውተር የለም። ላስቲክ፣ ስፖንጅ፣ ክር፤ ውስጡ በላብ የተጠመቀ ሰው። እኔ ሶፋ ሰሪ ነኝ፤ ስፖንጅና ክር ማን ያስተምረኛል? ሚስቴ ድስቷን ፈልጋ ጮኸች። የፊልም ሥራዬንም ላም አለኝ በሰማይ ነው አለችው።

ረቡዕ፣ 10 ሰ.
ሐሊማ መጣች። የእህቴ ልጅ ናት፤ ናይሮቢ ተምራ ይሄ የመጀመሪያ ፊልሟ ነው። ጭራቁን ዞራ ዞራ አየችና ሳቀች። "አጎቴ፣ ፖሌ፣ ይቅርታ፣ የሶፋ ትራስ ነው የሚመስለው።" ተናደድኩ። እውነቷን ስለሆነ የባሰ ተናደድኩ። እስከ እሁድ ካላስፈራ በኮምፒውተር ታሠራዋለች። ሃያ ዓመት ሙሉ የሰው መቀመጫ ሰፋሁ። አንድ ነገር እንኳ ለዓይን ብሠራ ምናለ?

ሐሙስ፣ ከሰዓት
ለካ የጎደለው ቆዳ ነው! የጎረቤቴ የባልቴቷ የአዮ ዳርሚ ጥጃ ትናንት ሞቶ ቆዳው እንዲደርቅ አጥር ላይ ተሰጥቷል። እሳቸው ጎዶማ መንደር ልቅሶ ሄደዋል። ልጃቸው ውሰደው አለኝ፤ ቦዳ ሞተር ነጂ ነው፣ ከብት አያውቅም። ስፖንጁ ላይ ሰፋሁት። ፀጉሩን ግማሹን ላጨሁ፣ ጥርስ ተከልኩለት። አቤት! ራሴ ፈራሁት። ደስ ብሎኛል፣ ደብተሬ።

እሁድ፣ 9 ሰ.
ቀረጻው ከቤታችን ጀርባ ነበር። ውስጡ የገባሁት እኔ። ተንበርክኬ ስወጣ ተዋናይዋ ከልቧ ጮኸች። ኩራቴ!
ከዚያ አንገቴ ላይ ሻካራ ምላስ። የአዮ ዳርሚ ላም። ብገፋት አልሄድ አለች። ትልሰኛለች፣ ታሸተኛለች። ጡቷ መንጠባጠብ ጀመረ።
ያኔ ገባኝ። ጥጃ ሲሞት ቆዳው ገለባ ተሞልቶ እናቲቱ ፊት ይቆማል፤ እሱን እየላሰች ትታለባለች። አዮ ቆዳውን ያሰጡት ለዚህ ነበር። ላሟ ከረቡዕ ጀምሮ ወተት አልሰጥ ብላለች፤ የልጅ ልጆቻቸው ደግሞ ሌላ ወተት የላቸውም። እኔ ከብት ስጠብቅ ያደግኩት ሰውዬ ይሄን እንዴት ረሳሁ? አፈርኩ።
አዮ ከልቅሶ ተመልሰው ኖሯል። አልተቆጡኝም። እንዳትነቃነቅ አሉኝና ጣሳ ይዘው ቁጢጥ አሉ። አለቡ። ላቤ ዓይኔ ውስጥ እየገባ፣ ትንፋሼን ውጬ ቆየሁ። ሐሊማ ካሜራውን ዝቅ አድርጋ ታለቅሳለች።

ሰኞ፣ ጠዋት 3 ሰ.
ዛሬ ጭራቁ የሚቃጠልበት ቀን ነበር። የፊልሙ መጨረሻ። ሌላ ቆዳ የለኝም።
በማለዳ ወስጄ ለአዮ ሰጠኋቸው። ስፖንጁን አውጥቼ ገለባ ሞላሁበት። ጥርሱንም ልነቅል ስል ተወው አሉ፤ ላሟ የምታየው በአፍንጫዋ ነው። እኔ ደግሞ ሳምንቱን ሙሉ ለዓይን ስደክም!
ለሐሊማ ደወልኩላት። የሚቃጠለውን በኮምፒውተር አሠሪው አልኳት። ይሄን ቃል ከአፌ አወጣለሁ ብዬ አስቤ አላውቅም፤ ይቆጨኛል። የእኔው ግን ሥራ ላይ ነው። ጠዋትና ማታ ይታለብበታል።