መሬቱን መልስ

ትሕትና፣ አሥር ዓመት ድራማ ላይ የመሬት ቀማኛ ሆኜ ስተውን የሐዋሳ ሰው ስቆ አብሮኝ ፎቶ ይነሳል፤ እዚህ አዲስ አበባ፣ ላፍቶ ግን ተፋረደኝ! መሬታቸው ኮንዶሚኒየም ስለሆነባቸው ገበሬዎች ዘጋቢ ፊልም እየሠራን ነው፤ ጠያቂው እኔ ነኝ። እማማ ገዲሴ ጎመናቸውን ከሚኮተኩቱበት ቀና ብለው አዩኝና፣ «አንተ አይደለህ እንዴ የዚያችን መበለት መሬት የቀማሃት? መጀመሪያ መልስላት!» አሉኝ። ትወና ነው ብል ማን ሰምቶኝ! ካሜራው እየቀረጸ፣ ጎረቤት ተሰብስቦ እያየኝ፣ «መልሻለሁ» ብዬ ማልኩላቸው። ያኔ አጠገባቸው አስቀምጠው የራሳቸውን መሬት ነገር አጫወቱኝ፤ እንባዬ ያለ ስክሪፕት መጣ።

የፖስታ ካርዱ ቦታ አለቀብኝ። ሰፈሩን ሁሉ ሰላም በይልኝ። እናቴ አሁንም በዚያ ድራማ እንዳኮረፈችኝ ከሆነ ግን፣ መሬቱን መልሷል በያት።

ወጋየሁ