የአውሬው ጋማ

ማክሰኞ፣ የካቲት 5 ቀን 1988፣ ቶሮንቶ

ተነፈሰ። በገዛ እጄ የሰፋሁት አውሬ ጉሮሮው ከፍ ዝቅ ሲል ጮኼ ወንበር ገለበጥኩ። ለካ ሞሪታ ሳን ጠረጴዛ ሥር ሆነው የጎማ ኳስ እየጨመቁ ነው፤ የደም ግፊት መለኪያ ላይ እንዳለችው ዓይነት። ለዚህ አስፈሪ ፊልም ከጃፓን የመጡ የአውሬ ሠሪ ናቸው። «አንቺን ካስደነገጠ ሠርቷል» አሉኝ።

ኢቶቢኮ ያለው መጋዘናችን ብርድ ነው፤ የጎማው ቆዳ ቶሎ አይደርቅም። ቀረጻው ሰኞ ነው። እሱ ካለቀ ወደ አዲስ አበባ፣ አባባ ዘንድ። ከታመመ ቆየ፤ ሳላየው እንዳይቀር ነው ፍርሃቴ። ዛሬም ደወልኩ። ወንድሜ ዳዊት «ደህና ነው፣ ተኝቷል» አለ።

ረቡዕ

የመጣልን ፀጉር አልበቃም። በመርፌ አንድ በአንድ ጎማው ላይ የምተክለው እኔ ነኝ፤ ጋማው መሀል ላይ መላጣ ቀረ። ሌላ ለማዘዝ ጊዜ የለም። ሞሪታ ሳን የእኔን ፀጉር አየት አድርገው ቶሎ ፊታቸውን መለሱ። ይሉኝታቸው እንደ እኛው ነው። ሥራው ካላለቀ እኔም አልሄድም፤ መቀስ አነሳሁና ከሥሩ ሸለትኩት። ጎንበስ ብለው እጅ ነሱኝ።

ሐሙስ

ጋማው ሞላ። መስታወት ሳይ ክው አልኩ፤ ጆሮዬ ይህን ያህል ትልቅ ነበር?

ደወልኩ። «ተኝቷል።» ተናድጄ ዘጋሁት።

ዓርብ



ወደ ሰፈሬ ፍሌሚንግደን ፓርክ ስመለስ አውቶቡስ ውስጥ ጎረቤቴን እትዬ ብርሃኔን አገኘሁ። የሥራ ልብሴ ጥቁር ነው፣ ሙጫው ስለሚያበላሽ። ሻሼ ተንሸራተተ። ጥቁር ለብሼ፣ ፀጉሬን ተሸልቼ ሲያዩኝ አንገቴን አቅፈው ማልቀስ ጀመሩ።

«ማነው ቀድሞ የነገረሽ ልጄ? እሁድ ጠዋት ተሰብስበን ልናረዳሽ ሁሉንም ኮል አድርጌ ነበር እኮ።»

«ምኑን?» አልኩ።

ፊታቸው ላይ አነበብኩት፤ የቀረውን እያለቀሱ ነገሩኝ። አባባ ከሞተ ሦስት ሳምንት ሆኖታል። ተቀብሯል። ቤተሰቦቼ ግን ተኝቷል ይሉኛል። እንዴት ቤት እንደገባሁ አላውቅም።

ቅዳሜ

ቤቱ በለቀስተኛ ሞላ። «ልጅ ማለት እሷ ናት፤ ለአባቷ ፀጉሯን ተሸለተች» ይላሉ። እውነቱን ልናገር አፌን ከፈትኩ፣ አልወጣ አለኝ። ሞሪታ ሳንም ሰምተው መጡ፣ ጥግ ላይ ተንበርክከው ተቀመጡ። ፀጉሬ የት እንዳለ የሚያውቁት እሳቸው ብቻ ናቸው። በፊታቸው ስመሰገን አፈርኩ።

እሁድ

ዛሬ ስልኩን ያነሳችው እማማ ናት። «ለአባትሽ መሸለትሽን ሰማሁ፣ ተባረኪ» አለችኝ። አልቻልኩም። ፀጉሬ ያለው የፊልም አውሬ አንገት ላይ ነው ብዬ ሁሉንም ነገርኳት።

«አባትሽ ይህን ቢሰማ በሳቅ ይፈርስ ነበር» አለች። ራሷም ሳቀች፤ እየሳቀች አለቀሰች። እኔም እንደዚያው።

«አርባው ሳያልፍ ነይ» አለችኝ።

ነገ ቀረጻ ነው። እሱ እንዳለቀ ከተነሳሁ ለአርባው እደርሳለሁ መሰለኝ።