አልጋ ላይ ያለውን እንገለብጠዋለን

አንተ እንቅልፍ አልባ ኃይለኢየሱስ፤

ይኸን ፖስታ ካርድ የምጽፍልህ ከዲላ ወዲህ፣ ወርቃ፣ ከወዳጃችን ከዘከርያ ቡና ማድረቂያ አጠገብ ቁጭ ብዬ ነው። እዚህ ቡናው የሚሰጣበትን የሽቦ ወንፊት አልጋ ይሉታል። አምና ዘከርያ ንጉሥ ባለበት ባሕር ማዶ አገር ለምትሠራው ልጁ ለሱመይራ ደውሎ፣ «ነገ ማለዳ አልጋ ላይ ያለውን እንገለብጠዋለን» አላት። የዚያ አገር ሰላዮች ጠልፈው ሰሙት። አስተርጓሚያቸው አማርኛን ከታሪክ መጽሐፍ የተማረ ኖሮ፣ «አልጋ ማለት ዙፋን ነው፤ ንጉሣችንን ሊገለብጡ ነው!» አላቸው።

አምባሳደራቸውን ጠሩ፤ የእኛም ተመለሰ፤ ቡናችን ታገደ፤ ሱመይራ ታሰረች። አንተ ደብረ ብርሃን ሆነህ በየማለዳው «አልጋ ላይ ስገላበጥ አደርኩ» ስትል የሚይዝህ የለም፤ እዚያ ቢሆን ዕድሜ ልክህን ነበር! ስህተታቸውን ካወቁ ሰንብተዋል አሉ። ግን «ከፈታናት ተሳስተናል ማለት ነው» ብለው ይዘዋታል።

ዛሬ ሁለት ደቂቃ ተፈቅዶላት ደወለች። «አባዬ፣ ቡናው እንዴት ነው?» ስትል ድምፅዋ እኔ ድረስ ተሰማ። ዘከርያ አፉን ከፈተ። የትኛው ቃል እንደሚጎዳት ስላላወቀ መልሶ ዘጋው። «አባዬ? አባዬ?» አለች። ደቂቃው አለቀ።

ካርዱ ጠበበኝ። ሚስትህን ማንጠግቦሽን በእኔ ስም ሳምልኝ፤ በራስህ ስም መሳሙን ከተውክ ሰንብተሃል። እዚያ ላሉት ልጅ ልጆቼ አያታችሁ ደህና ነው በላቸው። ለሱመይራ ጸልዩላት፤ እኔ እንኳ ዘከርያን የማስቅበት ቀልድ አጣሁ።

ወዳጅህ ይመኑ