ቦቢ ራንደል እናቴ ናት

«ፊልሙን ያቀናበረው አሜሪካዊው ኤዲተር ቦቢ ራንደል ነው፤ ስለ ሕይወቱ የሚታወቅ ነገር የለም።»

ጓልቲዬሮ፣ ለትሪየስቴው የድሮ ፊልሞች ፌስቲቫል ይህን የጻፍከው አንተ ነህ። ያኔ የጣሊያን ካውቦይ ፊልም ገበያ እንዲያገኝ ሠራተኛው ሁሉ የአሜሪካ ስም ይለጥፍ እንደነበር እንዴት ረሳህ? እናቴ የመረጠችው ደግሞ የውሻህን ስም ነው! ሮማ ልጆች ሳለን በግቢያችን ደረጃ ስንት ጊዜ አብሮን የሮጠውን የቦቢን!

ትናንት ፌስቲቫሉ ላይ ፊልሙ ሲታይ እናቴ አጠገቤ ተቀምጣ ነበር። እዚህ እንደ ሰፈራችን ሲኒማ ቤት ፊልም እያዩ ማውራት የለም። በፊልሙ ሁለቱ ተኳሾች ተፋጠው ሳለ፣ እሷ ያኔ ስታቀናብር መሃል ላይ የሰካችው የአህያ ጆሮ በድንገት ብቅ ሲል ግን ያ ጭምት አዳራሽ በሳቅ ፈነዳ። ፊልሙ አልቆ አስተዋዋቂዋ ያንተን ጽሑፍ ስታነብ እናቴ ብድግ አለች።

«ልጄ፣ ቦቢን አውቀዋለሁ። መጮህ እንጂ ፊልም መቁረጥ አይችልም። ይህን የሠራሁት እኔ ኢቬላ ቶዚ ነኝ፤ ሌሎች ስልሳም አሉኝ።»

«እውነትዎን ነው እማማ?»

«ካላመንሽ ውሻው ይመስክር!»

አዳራሹ በሙሉ ቆሞ አጨበጨበላት። እኔም የማንም ሳልሆን የእሷ ልጅ በመሆኔ ደረቴን ነፋሁ።

ፖስት ካርዱ ጠበበኝ። ባለቤትህን ሚሬላን ሳምልኝ። እናቴ ይቅር ብላሃለች፣ ትስምሃለችም፤ እኔ ግን ገና ነኝ። ኖቬምበር 10 ሰማንያ ሦስት ዓመት ይሞላታል። እስከዚያ ቀን ድረስ ስህተትህን አርመህ፣ ሙሉ ስሟን ጠቅሰህ፣ ፈርመህበት በጽሑፍ መልስልኝ።

ፉልቪዮ