«ይታያል» የተባለልህ መሬት

የጥላሁን አባት ሆይ፣

ከተለየኸኝ ወዲህ ቡናው ሁለት ጊዜ አፍርቶ ተለቀመ። በሕይወት ሳለህ ማንበብ የማልችል ሴት ነበርኩ፤ ይህን የምጽፍልህ ግን በገዛ እጄ ነው። ከእሑድ ጸሎት በኋላ ከልጆች ጋር ተቀምጬ ፊደል ቆጠርኩ። ለአሮጊት ምን ይሠራላታል ብለው ሳቁብኝ። ይሳቁ።

የጓሮው እንሰት አድጓል። የወደቀውን አጥር ጥላሁን አቆመው። ልጅህ አግብቷል፤ ሚስቱ ቁጡ ናት፣ እወዳታለሁ። በላባችን ያለማነው መሬት ግን ዛሬም የመንግሥት ነው። ነገ ለሌላ ሰው መርተው ቢሰጡት ተነሡ እንባላለን።

በስምህ መርተው እንዲሰጡህ ዲላ ወርደህ ያመለከትክ ጊዜ ትዝ ይልሃል? የመሬት ጽሕፈት ቤቱ ሰው «ይታያል» አለህ። አንተም በእኛ አማርኛ ሰማኸው፤ ሊያዩት ይመጣሉ ብለህ እየሮጥክ ተመለስክ። ከቡናው ሥር ያለውን አረም ነቀልክ። «ጫማቸው እንዳያንሸራትታቸው» ብለህ ዳገቱ ላይ ደረጃ ቆፈርክላቸው። በጉንም ለእንግዶቹ ነው ብለህ አላሳርድ አልክ። እኔም ሳቄን አፍኜ፣ «በጉ አርጅቶ ሳይሞት ይምጡልህ» አልኩህ። ተቆጣህ። ክረምት ደረጃውን ሲንደው፣ ዝናቡ ሲያባራ አንተ መልሰህ ትቆፍራለህ። በጉ ሞተ። አንተም ሞትክ። ማንም አልመጣም።

ነገሩን ያስረዳኝ ዲላ ገበያ አጠገብ ማመልከቻ የሚጽፈው ሽማግሌ ነው። «እናቴ፣ እነሱ ይታያል ሲሉ ሂድና ሌላ ቀን ተመለስ ማለታቸው ነው እንጂ እንመጣለን ማለታቸው አይደለም» አለኝ። ቀጥሎ የነገረኝ ደግሞ ባሰ። መሥሪያ ቤት ዝም ሲል ከሶ፣ አዎ ወይም አይሆንም ብሎ እንዲመልስ በፍርድ ቤት ማስገደድ ይቻላል አለኝ። ይቻል ነበር! አንተ ለማይመጡ ሰዎች ዳገት ስትቆፍር ይቻል ነበር! አንድ የሚነግረን ሰው አጣን።

ሽማግሌው ካንተ ማመልከቻ ላይ ገልብጦ ክሱን ጻፈልኝ፤ ከሰስኩ። ዳኛው ጽሕፈት ቤቱ በአንድ ወር ውስጥ እንዲወስን አዘዙ። ወሰነም። ችሎት ፊት ሲነበብ ጆሮዬን አላመንኩትም፤ አመልካቹ በመሞታቸው ማመልከቻው ተዘግቷል ይላል። እስክትሞት ዝም አሉህ፤ ስትሞት ደግሞ ሞቷል ብለው ዘጉብህ!

ዳኛው ግን በወራሽነት በቦታህ መግባት እንደምችል ነገሩኝ። «በመዝገብ እንዲሰፍር የባልሽን ስም በአፍሽ ተናገሪ» አሉኝ። በእናቴ ቤት ደንብ ሚስት የባሏን ስም አትጠራም፤ ያን ሁሉ ዘመን አብረን ስንኖር አንድ ቀን እንኳ ጠርቼህ አላውቅም። ጸሐፊው፣ «ወይ ጉድ! የባሏን ስም የማታውቅ መሬት ትጠይቃለች!» ብሎ ሳቀ። ችሎቱ ሁሉ ሳቀ። ካልጠራሁህ መሬቱ ሊሄድ ነው።

ጅግሶ አልኩ።

አቤት ብለህ በበሩ የምትገባ መሰለኝ።

አሁን ክርክሩ በእኔ ስም ሆኗል፤ ጽሕፈት ቤቱ ለእኔ እንዲመልስ ሌላ ቀን ተቆርጦለታል። ደግ ነገር አልጠብቅም። እነሱ የእኔንም ሞት ይጠብቁ ይሆናል፤ እንዲህ በቀላሉ አልሞትላቸውም። በቀጠሮው ቀን የችሎቱ ተጣሪ «የሟች ጅግሶ ሚስት!» ሲል ቆሜ አቤት እላለሁ። ቢሰጡኝም ቢከለክሉኝም አንድ ቀን ክርክሩ ያልቃል፤ ያን ጊዜ ችሎት ስምህን አይጠራም። እኔ እጠራሃለሁ። ደንቡን አንዴ ሰብሬዋለሁ፤ አልጠግነውም። ጅግሶ፣ እኔ እያለሁ በዚህ ዳገት ላይ ስምህ ሳይጠራ አይመሽም።

ሚስትህ