ለቦኬ የተጋገረ የአጃ ቂጣ

ግንቦት 11 ቀን 1978፣ ሰኞ

ፔርሙዙ እንደሞላ ተመለሰ። የጭነት መኪናው ሾፌር ደጃፌ ላይ አስቀመጠውና ዓይኔን ሳያይ «አልተቀበሉም። ከእንግዲህ ፈሳሽ ነገር አይገባም ብለዋል» አለኝ። የእስር ቤቱ የጥበቃ አለቃ ተቀይሯል። አዲሱ ደረቅና በቢላ የሚቆረጥ ምግብ ካልሆነ አላሳልፍም ይላል። ክዳኑን ስከፍተው አጥሚቱ ኮምጥጧል። ጓሮ ወስጄ ደፋሁት።

ባሌ ታደሰ እዚያ ቦኬ ከተማ ከታሰረ ወር ሊሞላው ነው። ጤና ረዳት ነው። ለክትባት ሥራ ሄዶ፣ ከአንድ ወንድም ቤት ተሰብስበው ሲጸልዩ ተያዙ። ጥፋቱ ይኸው ነው። ጨጓራው ድሮም ሰላም አልሰጠውም። እንጀራ ያቃጥለዋል፣ የማሽላ ቂጣ ያስመልሰዋል። ሆዱ ውስጥ የሚረጋለት የአጃ አጥሚት ብቻ ነው። እስካሁን የኖረው በዚያ ፔርሙዝ ነው።

«አየኸው?» አልኩት ሾፌሩን።

«ከሩቅ። ከስቷል።» ሌላም ሊጨምር ነበር፣ ተወው። ምነው ተናግሮት በሄደ። አሁን የተወውን ነገር እኔ ስፈጥር ዋልኩ።

ራሴ እንዳልሄድ ቀበሌው የይለፍ ወረቀት ከልክሎኛል። ሊቀመንበሩ «የባልሽ ጉዳይ ሳይጣራ አንቺ የት ትሄጃለሽ?» ነው ያለኝ። ያለ ይለፍ ደግሞ ኬላውን ማለፍ የለም።

እንግዲህ፦ አጃ መሆን አለበት። ደረቅ መሆን አለበት። ሲቆረጥ መፍረስ የለበትም፣ ቢፈርስ ይጥሉታል። በመኪና ሙቀት መበላሸት የለበትም። እንዲህ ያለ ምግብ በሕይወቴ አላየሁም።

ግንቦት 12፣ ማክሰኞ

ቤት ያለኝ፦ የተከካ አጃ፣ ለጋ ቅቤ፣ ማር፣ ጨው። ስኳር ከቀበሌ ሱቅ ከጠፋ ቆይቷል። የስንዴ ዱቄት ልጨምር አልኩና ሆዱን እንዳይከብደው ፈራሁ። እንቁላልም ፈራሁ። ሰሞኑን የማልፈራው ነገር የለም።

አጃውን ለብ ለብ አድርጌ ቆላሁት። ቅቤና ማሩን አቅልጬ ለወስኩበት። ትሪ ላይ ጠቀጠቅኩት፣ ከሰል ምድጃ ላይ ጣድኩት፣ በቆርቆሮ ከድኜ ከላይም ፍም ደረደርኩበት። ሽታው ሲመጣ ደስ አለኝ፣ ተሳካልኝ ብዬ ለራሴ ዘመርኩ። ገና ከእሳት እንዳወረድኩት ቢላ ሰደድኩበት።

ፈረሰ። ቆሎ ሆኖ ቀረ። የቸኮለች አፍስሳ ለቀመች ማለት እኔ ነኝ። በማንኪያ ዝቄ ስቀምሰው ደግሞ ይጣፍጣል፣ እሱም አናደደኝ።

ጎረቤቴ ዛህራ በአጥሩ በኩል ብቅ አለች። «አቦ! ጾመኛ ሰፈር ውስጥ እንዲህ ያለ ሽታ ትለቂያለሽ? በረመዳን ልትፈትኚን ነው?» ስቃ ስትገባ ፊቴን አየችና አጠገቤ ተቀመጠች። ዛህራ ነጋዴ ናት። ሻሽና ሽርጥ ይዛ ቦኬ ትወርዳለች፣ ከዚያ ጫት ጭና ትመለሳለች። የንግድ ፈቃድ ስላላት ኬላው አይይዛትም። ነገሩን ነገርኳት።

«ሐሙስ እወርዳለሁ። ጋግሪና ስጪኝ። በእጄ ነው የማደርስልሽ፣ ወላሂ። ቶሌ?»

«ቶሌ» አልኳት። በኦሮምኛ እሺ ማለት ከአማርኛው ይልቅ ያጽናናል፣ ለምን እንደሆነ አላውቅም።

ግንቦት 13፣ ረቡዕ

ጠዋት ሁለተኛውን ጋገርኩ። ከሥር አረረ። ከሰሉን አብዝቼ ነው። ያረረ ነገር ለጨጓራ መርዝ ነው፣ ራሱ ታደሰ ሁልጊዜ ለበሽተኞቹ የሚለው ነው። ለዶሮዎቹ በተንኩት፣ እነሱም ዞር ብለው አላዩትም።

ማሩ እያለቀ ነው። ሦስተኛውን በጥቂት ፍም ጣድኩ። ቀስ ብሎ ወርቅማ ሆነ። ልክ አውርጄው ቢላዬን ሳነሳ የቀበሌው ጠሪ በሩን ደበደበ። የሴቶች ማኅበር ስብሰባ፣ መቅረት የለም። እያማረርኩ ሄድኩ። ስለ ምን እንደተነጋገሩ አንድም ቃል አልሰማሁም። እጄን ከሰው ጋር አንስቼ አጨበጨብኩ፣ ምን እንዳጸደቅኩ እግዜር ይወቀው።

ስመለስ ትሪው ቀዝቅዟል። ቢላውን በፍርሃት አሳረፍኩት። ቀጥ ብሎ ተቆረጠ። ደግሜ ቆረጥኩት። ጠርዙ እንኳ አልተሸራረፈም። ለካ የሚያስፈልገው መቀዝቀዝ ብቻ ነበር፣ እኔ ደግሞ ነገር እስኪቀዘቅዝ መጠበቅ አልችልበትም። ያን ስብሰባ የረገምኩትን እርግማን በሙሉ አንስቻለሁ።

ስስ ስስ አድርጌ ቆራረጥኩት። ወፍራም ከሆነ ውስጡ የተደበቀ ነገር አለ ብለው ይቦረቡሩታል። በንጹሕ ጨርቅ ጠቅልዬ ክዳን ባለው ጣሳ ውስጥ አደረግኩና ለዛህራ ሰጠኋት። ዛሬ ከስንት ጊዜ በኋላ ራቴን በላሁ።

ግንቦት 14፣ ሐሙስ

ዛህራ ሄደች። ዛሬ እዚያው ዘመድ ቤት ታድራለች።

የደንበኛ ቀሚስ ስሰፋ ግራውን እጅጌ በቀኝ ገጠምኩ። ፈታሁ። መልሼ እዚያው ገጠምኩት። ተውኩት። አሁን ደርሷል እላለሁ፣ አሁን በልቷል እላለሁ። መኪናው መንገድ ላይ ተበላሽቶ ቢሆንስ?

ግንቦት 15፣ ዓርብ

ጣሳው እንደነበረ ተመልሷል። አንድ ቁራጭ አልጎደለም።

ዛህራ በሩ ላይ ቆማ ነው የነገረችኝ፣ ግቢ ብላት አልገባ አለች። ዘበኛው ጣሳውን ከፍቶ አየው፣ በቢላ ነካካው፣ ደስ አለው። ከዚያ «ቅመሺ» አላት። ምግብ ያመጣ ሰው ፊታቸው ሳይቀምስ አይገባም። ይህን አገሩ በሙሉ ያውቃል። እኔም አውቃለሁ፣ እሷም ታውቃለች። ረመዳን መሆኑንም እናውቃለን። ግን ሁለቱን አንድ ላይ ያሰበ ሰው የለም፣ እኔ ስለ ቅቤና ማር ሳስብ፣ እሷ ስለ መኪናዋ ስታስብ።

«ጾመኛ ነኝ አልኩት። ሌላ ሰው ይቅመስልኝ አልኩት፣ ያመጣው ራሱ ነው የሚቀምሰው አለኝ። እስኪመሽ ልጠብቅ አልኩት፣ አሥራ አንድ ሰዓት ላይ በሩ ይዘጋል አለኝ።»

«አንዲት ፍርፋሪ እኮ ናት!» አልኳት። ጮህኩባት። «አንዲት ፍርፋሪ ምላስሽ ላይ ብታደርጊ ምን ይሆን ነበር?»

 ጣሳውን መሬት ላይ አስቀምጣ ቀስ ብላ «ሁለት ሰዎች ደግፈው ፀሐይ ላይ ሲያስቀምጡት አየሁት። ደም አስመልሶታል ይላሉ» አለችና ሄደች።

ደም። ሾፌሩ የተወው ይህን ነው።

መጸለይ ሞከርኩ። ተንበርክኬ መልሼ ተነሣሁ። እግዚአብሔርን ተቆጥቼዋለሁ፣ እሱም ያውቀዋል።

ግንቦት 16፣ ቅዳሜ

በጠዋት ተነሥቼ ሌላ የሚወስድ ሰው ፍለጋ ዞርኩ። ሾፌሩ «ድሮ የሚያውቀኝ ዘበኛ ሳያስቀምስ ይቀበለኝ ነበር። አሁን በወታደር ፊት ቀምሼ ነገ ስሜ ከናንተ ጋር ይጻፍ?» አለ። አልፈረድኩበትም። የጉባኤያችን እህቶች እንደኔው ይለፍ የላቸውም። አንዷ አቅፋኝ አለቀሰች። ዕንባ ቦኬ አይደርስም ልላት ነበር፣ ዋጥኩት።

ከሰዓት በኋላ ዛህራ ቤት ሄድኩ። ሰፈሩ በሙሉ «አዴ»፣ እናት፣ የሚላቸው አማቷ ሐሊማ አጎዛቸው ላይ ተቀምጠው መቁጠሪያ ይዘዋል።

«ይቅርታ ልጠይቅ ነው የመጣሁት፣ አዴ» አልኳቸው።

«ሰምቻለሁ። ግቢ ልጄ፣ ተቀመጪ።» ወደ ጓዳ ዞረው ዛህራን ጠሯት። «እኔ የማውቀውን ልንገራችሁ። አላህ ለመንገደኛ ፈቅዷል። ጎህ ሳይቀድ ከከተማ ከወጣች፣ ቦኬ ድረስ የሚሄድ ሰው መንገደኛ ነው። ያፈረሰችውን ከዒድ በኋላ ትተካለች። ሼኹንም አስጠይቄያለሁ፣ እንዲሁ ነው ያሉት።»

ዛህራ መሬት መሬቱን እያየች «አውቃለሁ» አለች። «ሐሙስም አውቅ ነበር።»

 ምላሴን ነከስኩ።

«ነፍስ ካወቅኩ ጀምሮ፣ መንገድ ላይም ሆኜ፣ ረመዳንን ያለ ምክንያት አፍርሼ አላውቅም» አለች። «የቦኬ ሰው ሁሉ ያውቀኛል። የእስር ቤቱ በር ገበያው ላይ ነው። በጠራራ ፀሐይ ቆሜ ስበላ፣ መንገደኛ ናት ብሎ ማን ይቆምልኛል? ዛህራ በረመዳን ስትበላ አየናት ነው የሚሉት። ከዚያ ማን ይገዛኛል፣ ማን ሰላም ይለኛል?»

እኔ ያላሰብኩት ይህንን ነው። ፍርፋሪ መስሎኝ ነበር።

«እንግዲያው አትውሰጂ» አልኳት። ከልቤ ነው ያልኩት፣ ከዚያ ደግሞ ፈራሁ፣ እሺ ትለኛለች ብዬ። «ሌላ ሰው እፈልጋለሁ።»

ሌላ ሰው እንደሌለ ሁላችንም እናውቃለን። አዴ ሐሊማ መቁጠሪያቸውን ቀጠሉ። ልወጣ ስል ዛህራ «ነገ መኪና አለኝ። ጋግሪ» አለች።

ትቀምሺያለሽ ወይ ብዬ አልጠየቅኳትም። እሷም አልነገረችኝም።

ከማሩ የቀረውን አንጠፍጥፌ ጋገርኩ። ፍሙ ልክ፣ ጊዜው ልክ። እስኪቀዘቅዝ እጄን ጭኔ ሥር አድርጌ ተቀመጥኩ። አንድም አልፈረሰ። ጣሳውን በአጥሩ ላይ አቀበልኳት።

ግንቦት 17፣ እሑድ

የመኪናውን ድምፅ ጎህ ሳይቀድ ሰማሁ። ተመስገን አልኩ፣ ቀድማ ወጥታለች። ከዚያ ደግሞ፣ የነጋዴ መኪኖች ሁልጊዜም የሚወጡት እንዲህ በጠዋት ነው፣ ምንም ማለት አይደለም አልኩ።

ጸሎት ቤታችን ታሽጓል። መኪናዬ ፊት፣ ማለቴ የልብስ መኪናዬ ፊት፣ ተቀምጬ ብቻዬን ጸለይኩ። «ታደሰን» ልል አፌን ከፍቼ «ዛህራን» አልኩ። ለእሷ ምን እንደምለምን ግን አላወቅኩም። እንድትበላ ነው? እንዳትታይ ነው የምለምነው? ሰው እንዳያያት ለመንኩ። ገበያ መሐል ሰው እንዳያይ መለመን ሞኝነት ነው፣ ቢሆንም ለመንኩ።

አዴ ሐሊማ ከሰዓት በኋላ በአጥሩ አሻግረው «በልተሻል?» አሉኝ። አልበላሁም ነበር። «አንቺ ጾመኛ አይደለሽ፣ ብዪ እንጂ» አሉኝ። እርሳቸው እየጾሙ ለእኔ ያዝናሉ።

ግንቦት 18፣ ሰኞ

መጣች።

ጫቱን ሳታወርድ፣ አቧራዋን ሳታራግፍ ቀጥታ ወደኔ ነው የመጣችው። ጣሳውን ሰጠችኝ። ባዶ ነው። ጠርዙ ላይ የቀረ ፍርፋሪ እንኳ የለም። ደጃፉ ላይ ተቀመጥኩ፣ እሷም አጠገቤ ተቀመጠች።

ያው ዘበኛ ነበር። «ቅመሺ» አላት። ገበያተኛው ከኋላዋ ነው። ጨርቁን ፈትታ አንድ ቁራጭ አነሣች። ዘበኛውም ጾመኛ ኖሮ፣ አሳዘነችው መሰል፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ «እህቴ፣ ትንሽ ይበቃል» አላት።

«ትንሹም ያፈርሳል፣ ብዙውም ያፈርሳል። ካፈረስኩት አይቀር ብዬ ቁራጩን በሙሉ በላሁት» አለችኝ። «ደግሞ ጮክ ብዬ፣ መንገደኛ ነኝ፣ ለታመመ እስረኛ ነው የምበላው አልኩ። የሰማ ይስማ። አንዲት ሻሽ የምትገዛኝ ሴትዮ ፊቷን አዞረችብኝ። አንድ ሽማግሌ ደግሞ አላህ ይቀበልሽ አሉኝ። እንዲያው ነው።»

«ታደሰስ?»

«በሩ ድረስ አመጡት። ሁለት ቁራጭ በላ። ቀስ ብሎ፣ እያኘከ እያኘከ። የቀረውን ጓደኞቹ ይዘውለት ገቡ። ሂጂ እስኪሉኝ ቆሜ አየሁት። አላስመለሰም።»

«ምንም?»

«እኔ እስካለሁ ድረስ ምንም።»

ከዚያ በኋላ ያለውን የሚያውቅ የለም። ዛሬ ጠዋት ምን እንደሆነ አላውቅም። ማርም የለኝም። ነገ ወደ በደሳ ገበያ የሚሄድ ሰው ፈልጌ ማር አስመጣለሁ፣ ዛህራ ሐሙስ ደግሞ ትወርዳለች። በዚያ ሴትዮ ፊት፣ በዚያ ገበያ መሐል ደግሞ ልትቆም ነው። ላመሰግናት ፈልጌ እጇን ያዝኩት፣ ጫቱን ስታስር የገመዱ ምልክት ቀርቶባታል።

«ከዒድ በኋላ ዕዳ አለብኝ» አለች እየተነሣች። «ሐሙስ ሲጨመር ሁለት ይሆናል።»

«የምትተኪበትን ቀን ንገሪኝ፣ አብሬሽ እጾማለሁ» አልኳት።

ትክ ብላ አየችኝና ሳቀች። «አንቺ? ሻይ ሳትጠጪ ማርፈድ የማትችዪው? የኛ ጾም ውሃም የለው እኮ!»

«እችላለሁ» አልኳት።

እንጃ። ግን እጾማለሁ።