ድንኳኑ ለበሽተኛ ሲመጣ

ሰኞ፣ ኅዳር 20 ቀን 1924 ዓ.ም.

ተመስገን ጌታዬ! ባለቤቴ ዘነበች ዛሬ ሐኪም ቤት ገባች። ሳምባ ምች ከያዛት ሳምንቷ ነው። የሐኪሙ ዋጋ ከአቅሜ በላይ ስለሆነብኝ በፌጦና በጸበል ይዣት ነበር። እድራችን እስከ ትናንት የሚያውቀው ቀብር ብቻ ነበር። ትናንት ሸዋ በር ሰፈር ተሰብስበን በእድሩ ገንዘብ የታመመም ሰው እንዲታከምበት ወሰንን። ጉንፋን የያዘው ሁሉ ይመጣብናል ብሎ ያጉረመረመም ነበር፤ ስሙን ትቼዋለሁ።

ጠዋት የእድሩ ሰዎች መጡልን። ልማድ ሆኖባቸው ድንኳኑንም ተሸክመውት! ጎረቤታችን እትዬ ወርቄማ ነጠላቸውን ዘቅዝቀው፣ "እህቴን! እህቴን!" እያሉ ገቡ።

ዘነበች ከአልጋዋ ቀና ብላ፣ "እትዬ፣ ኧረ ገና ነኝ!" አለቻቸው።

"ምን ላድርግ ልጄ፤ እድር ተነሣ ሲባል እኔ የማውቀው ይህንኑ ነው" አሉ፣ ነጠላቸውን እያስተካከሉ።

ታማ ከተኛች ወዲህ ሳቋን ስሰማ ይህ የመጀመሪያዬ ነው። በድንኳኑ ቋሚና ሸራ ቃሬዛ ሠርተው ተሸክመዋት ሄዱ። ሐኪሙ አይቷት፣ "በጊዜ አመጣችኋት፤ ትድናለች" አለን። የእያንዳንዳቸውን ትከሻ ስሜ አልጠገብኩም።

ከሰዓት በኋላ ቤት ስመለስ ውሃ ቀጂያችን ፋጡማ እንስራዋን አውርዳ ግድግዳ ተደግፋ ትስላለች። ሳምንቱን ሙሉ ዘነበችን ስታገላብጥ የሰነበተችው እሷ ናት። ከእድራችን መዝገብ ስሟ የለም። እሷም እንድትታከም ስሟ ይጻፍ ብዬ በሚመጣው ስብሰባ ተነሥቼ እናገራለሁ። ምን ይሉኝ ይሆን...